ጠብቂልኝ ያልኩሽ ወረቀቶች

ሃርዘንቢ፣ ዮርክሸር
ኖቬምበር 6 ቀን 1962

ይድረስ ለአያቴ እህት የልጅ ልጅ፣ ለውድ እህቴ ለዶርካስ ፔል፤

ሰላምታዬ ያን ሁሉ ባሕር ተሻግሮ ታስማኒያ ደጅሽ ይድረስ። አንቺም ባልሽ ኸርበርትም ጤና ሁኑ፤ ጌታ ደረቱን ያሙቅለት። እኔ ከዓይኔ በቀር ደህና ነኝ።

አሥራ አምስት ዓመት የገና ካርድ ብቻ ስንለዋወጥ ኖረን ዛሬ ይህን ረጅም ደብዳቤ ስታዪ «ሰው ሞተ እንዴ?» እንደምትዪ አውቃለሁ። ማንም አልሞተም። የሚሞትም አልቀረም፤ ወንድሜ ኢኖክ ካረፈ አሥራ አራት ዓመቱ ነው፣ ቤቱ ውስጥ እኔና ድመቷ ብቻ ነን።

ወሬው ይህ ነው፦ ግጥሞቼ ሊታተሙ ነው። አዎ፣ የእኔ። በሰባ ሁለት ዓመቴ። ሳቂ ግድ የለም፣ እኔም ስቄያለሁ። ባለፈው ጁላይ የቤተ መጻሕፍቷ ሴትዮ ለምና ለምና አራት ግጥም በሰው ፊት አስነበበችኝ። ከኋላ አንድ ቀጭን ሰውዬ ተቀምጦ ነበር፤ ሚስተር ኦልድሮይድ ይባላል፣ ሊድስ ውስጥ ትንሽ ማተሚያ ቤት አለው። ስጨርስ መጥቶ «ሚስ ትዌይት፣ እስከ ዛሬ የት ነበሩ?» አለኝ። «ፖስታ ቤት መስኮት ላይ፣ ቴምብር ስሸጥ» አልኩት።

አርባ ግጥም ይፈልጋል፣ እስከ ማርች መጨረሻ። ከዚያ ካነሰ መጽሐፍ አይባልም አለኝ። እቤት ያለኝ አሥራ ዘጠኝ ነው። የቀረው አንቺ ዘንድ ነው።

ታስታውሻለሽ መቼም። ኢኖክ በ1931 ደብተሬን ምድጃ ውስጥ ከቶ «የቤተ ጸሎት መዝሙር ያልበቃት ሴት ከንቱ ውዳሴ ፈላጊ ናት» ካለኝ በኋላ፣ አንዲት ግጥም እቤት አላሳደርኩም። እንደ ጻፍኩ ከደብዳቤ ጋር አጥፌ ወደ አንቺ እልከው ነበር። በየደብዳቤው መጨረሻም «ጠብቂልኝ» እልሽ ነበር። ግልባጭ አላስቀረሁም፤ ኢኖክ ኪሴን ሳይቀር ይፈትሽ ነበር። በአሥራ ስድስት ዓመት ውስጥ ሃያ ሁለት ግጥም ልኬልሻለሁ። ምርጦቹ እነሱ ናቸው። እርግጠኛ ነኝ።

የሚያስፈራኝ ዓይኔ ነው። ሐኪሙ «እስከ መጪው ዓመት ገና ፊደል መለየት ያቅትሻል» ብሎኛል። መጽሐፌ ወጥቶ ሌላ ሰው ሊያነብልኝ ነው እንዴ ዶርካስዬ? እባክሽ ይህ እንደደረሰሽ ፈልገሽ በአውሮፕላን ፖስታ ላኪልኝ። መርከብ አይሆንም።

ያንቺው ሄስተር


ሁዎን ሸለቆ፣ ታስማኒያ
ዲሴምበር 12 ቀን 1962

ለማከብርሽ ለእትዬ ሄስተር፤

ደብዳቤሽ ሲደርሰኝ እንዴት ደስ እንዳለኝ! እንኳን ለዚህ አበቃሽ። ለኸርበርት ነገርኩት፤ «ሄስተር? የፖስታ ቤቷ?» አለና ሳቀ። ደረቱ አልተሻለውም፣ ሌሊት ሌሊት ያስለዋል። ሙቀቱ ዘንድሮ ጉድ ነው፣ የፖም ዛፎቹ ፍሬያቸውን ሳያበስሉ እያራገፉብን ነው።

ወረቀቶቹን ጣራ ሥር ካለው ሣጥን ውስጥ እየፈለግኩ ነው። አትጨነቂ። ቤት ውስጥ ስንት ኮተት እንዳለ አታውቂም። አሁን ደግሞ የፖሙ ሥራ ስላለ ትንሽ ጊዜ ስጪኝ።

ዓይንሽን ምን ያደርግሻል? ካሮት ብዪ። የቤተ ጸሎቱ ጣራ ተሠራ ወይ? እነማን አሉ እነማን ሞቱ? እስቲ ዝርዝሩን ጻፊልኝ፣ የአገሬ ወሬ ናፍቆኛል።

ታናሽሽ ዶርካስ


ሃርዘንቢ
ጃንዋሪ 14 ቀን 1963

ለዶርካስ ፔል፤

አዲሱ ዓመት የጤናና የእውነት ያድርግልሽ። እውነት ያልኩት አውቄ ነው።

እዚህ ከገና ማግስት ጀምሮ በረዶ በበረዶ ላይ ነው። ቧንቧው ድንጋይ ሆኗል፣ ውሃ የምጠጣው በረዶ አቅልጬ ነው። ድመቷ ከምድጃው ሥር አልነሳም ብላለች። ካሮት በልቻለሁ። የቤተ ጸሎቱ ጣራ አልተሠራም። የሞቱትን ብዘረዝርልሽ ወረቀት አይበቃኝም፣ ስለዚህ ወደ ጉዳዬ ልመለስ።

ሠላሳ አንድ ዓመት ፖስታ ቤት መስኮት ላይ የቆምኩ ሴት ነኝ። ከታስማኒያ ደብዳቤ ስንት ቀን እንደሚፈጅ ማንም አያስተምረኝም። ያንቺ በዘጠኝ ቀን ደረሰኝ፤ ወረቀቶቹ ተከትለው ይመጣሉ ብዬ እስከ ዛሬ ጠበቅኩ። የእኔም በዚያው ልክ ደርሶሻል። ስለዚህ ከሦስት ሳምንት በላይ ይዘሽው ተቀምጠሻል ማለት ነው። ደግሞ «ጣራ ሥር ካለው ሣጥን» ትዪኛለሽ! በ1936 «ቤታችን ቆርቆሮ ነው፣ እንደናንተ ጣራ ሥር ክፍል የለንም፣ ዕቃዬን የማኖርበት አጣሁ» ብለሽ የጻፍሽልኝ አሁንም እዚህ አለ። እኔ ደብዳቤ አልጥልም።

ዶርካስ፣ ምን ሆኗል? ተቃጥለው ከሆነ ተቃጥለዋል በዪኝ። አይጥ በልቷቸው ከሆነ አይጥ በዪ። እንቅልፍ አጥቻለሁ። ሚስተር ኦልድሮይድ በየሳምንቱ «ከእህትዎ መልስ መጣ?» ይለኛል፤ «እየመጣ ነው» እያልኩ መዋሸት ሰልችቶኛል። አሥራ ዘጠኙን አንብቦ «ሌሎቹን ማየት ያጓጓል» ብሏል። ባላይ ይሻላል ቢል ኖሮ ባረፍኩ።

በቀጥታ ንገሪኝ።

ሄስተር


ሁዎን ሸለቆ
ፌብሩዋሪ 4 ቀን 1963

ለእትዬ ሄስተር፤

ከምድጃሽ አጠገብ ሆነሽ እንድታነቢው እለምንሻለሁ፣ እንዳይበርድሽ።

ጣራ ሥር ሣጥን የለኝም። እውነትሽን ነው። አፍሬ ነው።

ወረቀቶችሽን ቆራርጫቸዋለሁ። ከጦርነቱ በኋላ ወረቀት የሚባል ነገር ጠፍቶ እንደነበር ታውቂያለሽ። የቁርጥራጭ ጨርቅ አልጋ ልብስ እየሰፋሁ ነበር፤ ያው እንደ አያቶቻችን፣ ወረቀቱን ስድስት ማዕዘን እየቆረጥኩ፣ ጨርቁን እያለበስኩ፣ ዳር ለዳር እየገጠምኩ። ለዚያ ደህና ጠንካራ ወረቀት ያስፈልጋል፣ ያንቺ ደግሞ የፖስታ ቤት ወፍራም ወረቀት ነበር። በእጄ የገባኝን ሁሉ ቆረጥኩ። በኋላ ሳስበው ያንቺም ገብቷል።

ይቅር በዪኝ። ሁለት ወር ሙሉ እንዴት እንደምነግርሽ ሳሰላስል ነበር። እባክሽ መልስ ጻፊልኝ፣ ዝም አትበዪኝ።

ዶርካስ


ሃርዘንቢ
ፌብሩዋሪ 14 ቀን 1963

ዶርካስ፣ ዶርካስ፤

ጤናሽን ሳልጠይቅ ስለጀመርኩ ጌታ ይቅር ይበለኝ። ደብዳቤሽን አነበብኩ። አንድ ሰዓት ሙሉ ኮቴን እንደለበስኩ ደረጃው ላይ ተቀመጥኩ። አለቀስኩ፣ ከዚያ ሰደብኩሽ፣ ከዚያ ድመቷን ሰደብኩ።

ከዚያ ግን አንድ ነገር ብልጭ አለልኝና ተስፈንጥሬ ተነሳሁ፤ እግሬን ሊሰብረኝ ነበር። ወረቀቶቹን አውጥተሻቸዋል ወይስ አላወጣሻቸውም? አያቶቻችን አያወጡም ነበር! ሌላ አገር ሰፍተው ሲጨርሱ ወረቀቱን ይጎትቱታል፣ የእኛ ሴቶች ግን «ወረቀት ይሞቃል» ብለው እዚያው ይተዉታል። ልጅ ሆኜ አያቴ አልጋ ላይ ስገላበጥ ሲንኮሻኮሽ እሰማው ነበር። አንቺም በእሷ እጅ ነው የሰለጠንሽው። ትተሽው ከሆነ ግጥሞቼ አሉ ማለት ነው! ተቆራርጠው፣ ግን አሉ!

ፍቺው ዶርካስዬ። እለምንሻለሁ። ክሩን ብቻ በጥሰሽ አውጪልኝ፣ መግጠሙ የእኔ ጣጣ ነው። ከሊድስ ያማረ የሱፍ ብርድ ልብስ ገዝቼ እልክልሻለሁ፤ ሁለት እልካለሁ። አሮጌ ጨርቅ ምን ያደርግልሻል? ስድስት ሳምንት ብቻ ነው የቀረኝ።

በጭንቅ ላይ ያለችው ሄስተር


ሁዎን ሸለቆ
ፌብሩዋሪ 27 ቀን 1963

እትዬ ሄስተር፤

አሮጌ ጨርቅ አልሽ። የሱፍ ብርድ ልብስ ትገዢልኛለሽ። ሞኝሽን ፈልጊ!

አሮጌው ጨርቅ ምን እንደሆነ ልንገርሽ። የልጄ የሮዊና ቀሚሶች ናቸው። ሰማያዊው የትምህርት ቤት ልብሷ ነው። ቢጫ ነጠብጣብ ያለበት ለጭፈራ ያሰፋችው ነው፣ አንድ ቀን እንኳ አልለበሰችውም። ልጄ በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ሦስት ቀን ታማ ሞተች። ያን ጊዜ ቀሚሶቿን ለሰው ልስጥ አልኩ፣ አልቻልኩም። ቆራረጥኳቸው። ኸርበርት እስከ ዛሬ የሚተኛው ከሥሩ ነው።

ከጀመርኩት አይቀር ልጨርሰው። ወረቀት ጠፍቶ ነው ያልኩሽ ውሸት ነው። ጋዜጣ ሞልቶ ነበር።

እሷ ስትሞት የማውቀውም የማላውቀውም ሰው ጻፈልኝ። ዳቦ ጋጋሪው ሳይቀር «እግዜር ያጽናሽ» አለኝ። እኔ የምጠብቀው ያንቺን ነበር። ከልጅነቴ ጀምሮ ነገር የሚያውቅ ሰው ሲባል ትዝ የምትዪኝ አንቺ ነሽ። «እትዬ ሄስተር የምትለው አታጣም» ብዬ በየቀኑ የፖስታ ሣጥኑ ጋ እቆም ነበር። በሰባተኛው ሳምንት መጣ። ስከፍተው ግጥም! ግጥም ብቻ። ስሜ የለ፣ ስሟ የለ፣ አንድ «አዘንኩ» የለ። ከመጀመሪያው መስመር አላለፍኩም። «የእኔ ልጅ ሞታ ይቺ ሴትዮ ቤት ትመታለች!» አልኩ። ያን ቀን ያስቀመጥኩልሽን ሁሉ ከመሳቢያ አውጥቼ መቀስ አነሳሁ። አውቄ ነው። አንድ በአንድ። አሥራ ስድስት ዓመት ጠብቄልሽ ነበር፣ በአንድ ከሰዓት ጨረስኩት።

ወረቀቱ ውስጡ አለ። አላወጣሁትም። አልፈታውም።

ዶርካስ


ሃርዘንቢ
ማርች 9 ቀን 1963

ለእህቴ ለዶርካስ፤

አትፍቺው።

ቀድሞ የሚጻፈውን አስቀድሜያለሁ። አሁን ሰላምታዬን ተቀበዪኝ፤ አንቺንም ኸርበርትንም ጌታ ያጽናችሁ። ከአሥራ አምስት ዓመት በኋላ ማለቴ እንደሚያሳፍር አውቃለሁ።

ያን ጊዜ ለሰባት ሳምንት ዝም ያልኩት ረስቼሽ አይደለም። ስድስት ጊዜ ደብዳቤ ጀምሬ ቀድጄዋለሁ። የምጽፈው ሁሉ መስኮት ላይ ለደንበኛ የምለውን መሰለብኝ፤ «እናዝናለን፣ ቀጥሎ ያለው ይምጣ»። እጄ እሺ ያለኝ ግጥም ብቻ ነበር። እሱ ለቅሶዬ ነበር ዶርካስዬ። የራሴን ለቅሶ ልኬልሽ ለቅሶ የደረስኩ መሰለኝ። ከዚያ ካርድሽ ሲያጥር፣ ሲያጥር አየሁ። ገባኝም። ግን ደፍሬ አልጠየቅኩሽም፤ ሰው እንዳይቀየመኝ የምፈራ ፈሪ ነኝ፣ ኢኖክ ቢያውቅም ባያውቅም በእሱ ሥር ያኖረኝ ይሄው ፍርሃቴ ነው።

ለሚስተር ኦልድሮይድ አሥራ ዘጠኙ ብቻ እንዳለኝ በስልክ ነግሬዋለሁ። እስከ ሜይ መጨረሻ ልጠብቅ፣ ከዚያ ወዲያ ግን ለሌላ ሰው ተራ እሰጣለሁ አለኝ። አይጠብቁ አልኩት። የተባለውን እቀበላለሁ። ይህን የምልሽ እንድትራሪልኝ አይደለም፣ ከእንግዲህ ስለዚህ ጉዳይ እንዳትጨነቂ ነው። እኔ እንደምጨነቅ አልክድም። ዛሬ ጋዜጣ ሳነብ የግራ ዓይኔ መስመሩን ዘለለው።

የጎዳሁሽ ሄስተር


ሁዎን ሸለቆ
ኤፕሪል 8 ቀን 1963

ለእትዬ ሄስተር፤

እንደምን ሰነበትሽ? እኛ ደህና ነን፣ ፖሙ ተለቅሟል፣ ብርዱም መጥቷል።

«አትፍቺው» ያልሽኝን ደብዳቤ ካነበብኩ በኋላ እልህ ያዘኝ። ፍቺው ስትዪኝ አልፈታም አልኩ፣ አትፍቺ ስትዪኝ እጄን በላኝ። እናቴ «ግትር» የምትለኝ ወዳ አልነበረም። ለካ ያን ግጥም ጨርሼ አላነበብኩትም! አሥራ አምስት ዓመት ሙሉ በአንድ መስመር ነው የተቀየምኩሽ። ስለዚህ እሱን ብቻ ላንብብ ብዬ በአንዱ ጠርዝ ጀመርኩ። የትኛው የት እንዳለ በምን ልለይ? አንዱን ስፈታ የሌላው ግጥም ጫፍ ይወጣል፣ የእሱን ቀሪ ስፈልግ ሦስተኛው ይመጣል።

ኸርበርት ገባና «ምን እያደረግሽ ነው?» አለኝ። «የሄስተርን ግጥም እያወጣሁ ነው» አልኩት። ከዚያ መነጽሩን አምጥቶ አጠገቤ ተቀመጠና የፈታሁትን ጨርቅ እየተቀበለ በየቀለሙ ይደረድር ጀመር። አሥራ አንድ ቀን ፈጀብን። ጨርቁን በጋዜጣ መልሼ እሰፋዋለሁ፣ አታስቢ።

ሁሉንም በብስኩት ቆርቆሮ አድርጌ በአውሮፕላን ፖስታ ልኬልሻለሁ። የሮዊናን ግን እኔ ራሴ ገጣጥሜ እዚህ ገልብጬልሻለሁ።

ከማላውቃት ልጅ በር ከውጭ ቆሜ ሳየው፣
ነጭ መጋረጃዋን ነፋሱ ሲገልጠው፣
አልጋዋ ተነጥፎ፣ እናቲቱ አለች፤
ከጫፉ ተቀምጣ ብቻዋን . . .

የመጨረሻዋ ቃል የለችም። መቀሱ በልቷታል። ቁራጩን ወለሉ ላይ ጥዬ ጠርጌው ይሆናል። ምን ነበር ያልሽው እትዬ? ብቻዋን ምን ታደርጋለች? ይህን ሳላውቅ ማደር አቅቶኛል፤ እናቲቱ እኔ ነኛ!

ዶርካስ


ሃርዘንቢ
ኤፕሪል 22 ቀን 1963

ዶርካስዬ፤

ጌታ እጆችሽን ይባርክልኝ፣ የኸርበርትንም። ቆርቆሮው ደርሶኛል። የምግብ ጠረጴዛዬ ላይ ዘርግቼ በማጉያ መነጽር ስገጥም እየዋልኩ ነው፤ ድመቷ ሁለቴ ተኝታበታለች። ከሃያ ሁለቱ አሥራ ስምንቱ ሙሉ ሆነውልኛል። «ምርጦቹ እነሱ ናቸው» ብዬሽ አልነበር? አምስቱ የማይረቡ ናቸው፣ አፈርኩባቸው። የሮዊና ግን ጥሩ ነው። ከጻፍኩት ሁሉ ጥሩው እሱ ይመስለኛል። ሚስተር ኦልድሮይድም ሠላሳ ሁለቱ ይበቃል ብሏል፣ እሱ ካለበት።

የመጨረሻዋን ቃል ግን አላስታውሳትም። አምስት ቀን ራሴን ይዤ ተቀመጥኩ። አልመጣ አለኝ። የሚገባ ቃል መክተት እችላለሁ፣ ሥራዬ ነው። ግን እውነቱን ልንገርሽ፣ ያን ጊዜም ያልኩት በግምት ነበር። አላየሁሽማ። እንደ ማንኛዋም እናት አድርጌሽ ነው።

አንቺ ንገሪኝ። ምን ታደርጊ ነበር? መንገር ካልፈለግሽም ግጥሙ ይቅር፤ ያንቺ ነው።

ሄስተር


ሁዎን ሸለቆ
ሜይ 6 ቀን 1963

ለእትዬ ሄስተር፤

ለማንም ነግሬ የማላውቀውን ነው የጠየቅሽኝ።

በተቀበረች ማግስት ክፍሏ ገባሁ። መሳቢያዋን ስከፍት አንድ ደብተር አገኘሁ። ኸርበርትን ታውቂዋለሽ፣ ከተጋባን ጀምሮ አዎ ወይም አይ ብሎ አያውቅም። አባዬ ጭፈራ ልሂድ? «እናያለን።» አባዬ ፈረስ ግዛልኝ? «እናያለን።» ያቺ ልጅ ለካ አንድ ሳምንት ሙሉ እየቆጠረችለት ኖሯል! በመስመር በመስመር አስምራ፣ ቀኑን ጽፋ፣ ቁርስ ላይ ስንት፣ እራት ላይ ስንት። አርባ ሦስት ጊዜ። እሑድ ብቻ ዘጠኝ፣ ከሥሩም «ቤተ ጸሎት ውስጥ ሳይቀር» ብላለች።

ሳቅኩ እትዬ ሄስተር። ልጄ ከተቀበረች አንድ ቀን ሳይሞላት አልጋዋ ጫፍ ተቀምጬ ሆዴን ይዤ ሳቅኩ። እንባዬ እስኪወርድ። ቀና ስል ኸርበርት በሩ ላይ ቆሟል። ምንም አላለኝም፣ ተመልሶ ሄደ። እኔም አልነገርኩትም። አበድኩ ብሎ ይሆን፣ ልጄን አልወደድኳትም ብሎ ይሆን፣ አሥራ አምስት ዓመት ይህን ስፈራ ኖርኩ። ያንቺ ግጥም የመጣው በዚህ መሃል ነበር። «ከማላውቃት ልጅ በር» የሚለውን ሳይ ደጃፉ ላይ ቆመሽ ያየሽኝ መሰለኝ። ለዚያ ነው ሌላውን ያላነበብኩት። ይኸው፣ አሁን ለራሴም ገባኝ።

ደብዳቤሽ የደረሰኝ ቀን ደብተሩን አውጥቼ ለኸርበርት ሰጠሁት። «ያን ቀን ያሳቀኝ ይሄ ነው» አልኩት። መነጽሩን አድርጎ ገጽ በገጽ አነበበ። ትከሻው መንቀጥቀጥ ሲጀምር ሳሉ መሰለኝ።

«አርባ ሦስት ጊዜ?» አለኝ በመጨረሻ። «በአንድ ሳምንት? አጋንናለች!»

ከዚያ ሁለታችንም አለቀስን።

እንግዲህ ቃሏ እሷ ናት። ጻፊው። ስሜንም አትደብቂ።

ዶርካስ


ሃርዘንቢ
ሴፕቴምበር 30 ቀን 1963

ለውድ እህቴ ለዶርካስና ለኸርበርት፤

ጤናና ሰላም ከቤታችሁ አይለይ። መጽሐፉ ከትናንት በስቲያ ጠዋት መጣልኝ። ቀጭን ነው፣ አረንጓዴ ልባስ አለው፣ ስሜ ከላይ ተጽፏል። መስኮቱ ጋ ወንበር ስቤ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አነበብኩት። ቀስ ብዬ ነው፣ በማጉያውም ነው፣ ግን በገዛ ዓይኔ። ያንቺን ቅጂ ለብቻው በአውሮፕላን ልኬዋለሁ።

አንድ ነገር ልንገርሽ። ባለፈው ወር ሚስተር ኦልድሮይድ ከማተሙ በፊት እዚህ ድረስ መጣ። ሻይ አልጠጣም አለኝ፣ ባርኔጣውን በእጁ እያዞረ «ሚስ ትዌይት፣ የሮዊና ግጥም መጨረሻ ላይ ስህተት ያለ መስሎኝ ነው» አለኝ።

«የምን ስህተት?»

«‹ብቻዋን ትስቃለች› ይላል። ‹ታለቅሳለች› ለማለት ፈልገው ነው አይደል?»

«አይደለም» አልኩት። «እናትየዋን ጠይቄያታለሁ።»

ሄስተር